ሞተሩ የማይጠፋው ሮኬት፦ ብርሃንን የመቅደም ሙከራ የሥራ ሂደት ማስታወሻ

ጥቅምት 8 ቀን 2018 ዓ.ም.

ይህ ሥራ የተወለደው ከአንድ የ11ኛ ክፍል ተማሪ ጥያቄ ነው። የትምህርት ቤታችን የሳይንስ ክበብ ባለፈው ቅዳሜ ስለ ሳተላይት አምጣቂ ሮኬቶች ሲወያይ ይህ ልጅ እጁን አውጥቶ፣ «ቲቸር፣ ሞተሩ ሳይጠፋ ሁልጊዜ እየገፋ ቢሄድ አንድ ቀን ብርሃንን አይቀድምም እንዴ?» ብሎ ጠየቀ። «አይቀድምም፤ አንስታይን እ.ኤ.አ. በ1905 ያወጣው ንድፈ ሐሳብ ይከለክላል» ብዬ ማለፍ እችል ነበር፤ ዳሩ ግን ተፈጥሮ እንደ ትራፊክ ፖሊስ ፊሽካ ነፍታ የምታስቆም አስመስሎ መናገር ለልጁም ለትምህርቱም የሚበጅ ሆኖ አልታየኝም። ልጁ የተናገረው እኛው ራሳችን ስናስተምረው የኖርነውን ነው፦ ግፊት ካለ ፍጥንጥነት አለ፤ ፍጥንጥነት ካለ ፍጥነት ይጨምራል፤ ጭማሪውም ማብቂያ የለውም። ከዚህ ሐሳብ ውስጥ የተሳሳተው የትኛው እንደ ሆነ ነቅሼ ማሳየት ካልቻልሁ ክልከላውን ብቻ መንገር መልስ አይሆንም።

ስለዚህ ሮኬቱን ራሳችን እንድንሠራው ተስማማን። መጀመሪያ በውኃና በአየር የሚተኮስ የፕላስቲክ ሮኬት፣ ቀጥሎ የብርሃንን ፍጥነት በራሳችን እጅ መለካት፣ በመጨረሻም በኤክሴል ሠንጠረዥ ላይ ሞተሩ የማይጠፋ ሮኬት አስነሥተን የሚደርስበትን ማየት። ይህ ማስታወሻ በየቅዳሜው የተሠራውን፣ የተሳሳትነውንና ያረምነውን የያዘ ነው።

ጥቅምት 15 ቀን

የዛሬው ሮኬት አካል የ1.5 ሊትር የውኃ ፕላስቲክ ነው፤ ሕዝቡ የትኛውም ፋብሪካ ቢያመርተው «ሃይላንድ» የሚለው ዓይነት። ሦስት ክንፎች ከካርቶን ቆርጠን በፕላስተር ለጠፍንበት፤ በአፉ ልክ የተሞረደ ቡሽ በስተን ከሠፈራችን ጎሚስታ ለምነን ያመጣነውን የአሮጌ ከመነዳሪ ቫልቭ አስገባንበት፤ ግፊት መለኪያ ያለው የብስክሌት መንፊያም ተዋስን። የመጀመሪያው ሙከራ መለኪያው 2 ባር ሳይሞላ ቡሹ ተፈናጥሮ የሚነፋውን ልጅ ከአንገት በታች በውኃ በማራስ ተጠናቀቀ። ከዚያ በኋላ ቡሹን በሽቦ አስረን ሽቦውን ከሩቅ በገመድ የምንስብበት ማስለቀቂያ ሠራን፤ ይህ ቀላል ነገር ከሌላው ሁሉ ይልቅ ጊዜ ወሰደብን።

ባዶው ሮኬት ከነክንፉ 100 ግራም መዘነ፤ ግማሽ ሊትር ውኃ ሲጨመርበት 600 ግራም ሆነ። በ4 ባር ግፊት ሦስት ጊዜ ተኩሰን ከመነሣቱ መሬት እስኪነካ ያለውን ጊዜ ብንቆጥር 5.2፣ 5.6 እና 5.4 ሰኮንድ አገኘን። የአየርን መጎተት ወደ ጎን ትተን በአማካዩ ብናሰላ ከፍታው 36 ሜትር ገደማ፣ የመነሻው ፍጥነት በሰኮንድ 26 ሜትር ገደማ ይሆናል፤ አየሩ እየጎተተው ይህን ያህል ከቆየ ደግሞ እውነተኛው የመነሻ ፍጥነት ከዚህ ይበልጣል እንጂ አያንስም።

ይህን ሁሉ የደከምነው ለአንድ ነጥብ ነው። በ4 ባር የሚገፋ ውኃ ከጠርሙሱ አፍ ሲወጣ ፍጥነቱ በሰኮንድ 28 ሜትር ነው፤ አየሩ እየሰፋ ሲሄድ ወደ 19 ሜትር ይወርዳል፤ አማካዩን 24 ብንለው ሮኬታችን ከሚተፋው ውኃ አማካይ ፍጥነት በልጧል። ብዙ ሰው ሮኬት ከሚተፋው ነገር በላይ ሊፈጥን አይችልም ብሎ ያስባል፤ ከክበቡ አባላትም ግማሾቹ የልጁን ጥያቄ በዚህ ሊዘጉት ሞክረው ነበር። ሩሲያዊው ኮንስታንቲን ሲዮልኮቭስኪ እ.ኤ.አ. በ1903 ያሳተመው ቀመር ግን እንዲህ ያለ ወሰን የለበትም። በቀመሩ መሠረት ሮኬቱ የሚያገኘው ፍጥነት የሚተፋው ነገር ፍጥነት በመነሻና በመድረሻ ክብደቶች ንጽጽር ሎጋሪዝም ሲባዛ ነው፤ ንጽጽሩ ካደገ ፍጥነቱም ያድጋል። ለእኛ ጠርሙስ ንጽጽሩ 6 ስለ ሆነ ቀመሩ 43 ሜትር በሰኮንድ ይሰጣል፤ ልዩነቱን አየሩና ስበቱ ወስደውታል። እንግዲህ የልጁ ጥያቄ በዚህ በር አይዘጋም።

ጥቅምት 22 ቀን

የብርሃንን ፍጥነት በወጥ ቤት ውስጥ ለካን። ማይክሮዌቭ ምድጃ ምግብ የሚያሞቀው ዓይን በማያየው፣ በባሕርዩ ግን ከብርሃን በማይለይ ሞገድ ነው፤ የድግግሞሹም ልክ ከምድጃው ጀርባ በተለጠፈው ወረቀት ላይ 2450 ሜጋ ኸርዝ ተብሎ ተጽፏል። ሞገዱ በሳጥኑ ውስጥ እየተመላለሰ በአንዳንድ ቦታ አጥብቆ ያሞቃል፣ በአንዳንዱ ጭራሽ አያሞቅም፤ በሁለት ጎረቤት ትኩስ ቦታዎች መካከል ያለው ርቀት በግምት የሞገዱን ርዝመት ግማሽ ነው። ስለዚህ ርቀቱን በማስመሪያ ለክቶ በሁለት ማባዛት፣ ያንን ደግሞ በድግግሞሹ ማባዛት የብርሃንን ፍጥነት ይሰጣል።

በመጀመሪያ ለጋ ቅቤ በዝርግ ሳሕን ላይ ቀብተን አስገባን፤ የሚሽከረከረውን መስተዋት ማውጣት ረስተን ስለ ነበር ሁሉም እኩል ቀለጠ። መስተዋቱን አውጥተን ቅቤው ከቀረው ቸኮላት ደረደርንና ስንጀምር መብራት ጠፋ። መብራቱ ከአንድ ሰዓት በላይ ቆይቶ ሲመለስ 20 ሰኮንድ ብቻ አሞቅነው፤ የቀለጡት ነጥቦች በግልጽ ታዩ። አምስት ንባቦች ወሰድን፦ 6.4፣ 5.8፣ 6.5፣ 6.1 እና 5.9 ሴንቲ ሜትር። አማካዩ 6.14 ስለ ሆነ የሞገዱ ርዝመት 12.28 ሴንቲ ሜትር፣ ፍጥነቱም በሰኮንድ 301,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ወጣ።

ልጆቹ አጨበጨቡ፤ እኔ ግን ውጤቱ ይህን ያህል መቅረቡ ዕድል መሆኑን ነገርኋቸው፤ ምክንያቱም ንባቦቻችን ከአማካያቸው እስከ ስድስት በመቶ ገደማ ይርቃሉ፣ በሳጥን ውስጥ የታፈነ ሞገድም በትክክል እንደ ቀጥተኛ ገመድ አይወዛወዝም። ትክክለኛው ቁጥር 299,792,458 ሜትር በሰኮንድ ነው፤ ይህም እ.ኤ.አ. ከ1983 ጀምሮ የሚለካ ሳይሆን የተደነገገ ቁጥር ነው፤ ሜትር ራሱ ብርሃን በዚህ ቁጥር አንድ እጅ ሰኮንድ ውስጥ የሚጓዘው ርቀት ተብሎ ተተርጉሟልና።

ጥቅምት 29 ቀን

የመጀመሪያው ሠንጠረዥ። እያንዳንዱ ረድፍ አንድ ቀን ነው። ሞተሩ በውስጡ ያሉት ተጓዦች በምድር ላይ እንደ ቆሙ ያህል እንዲሰማቸው አድርጎ ይገፋል፤ ይኸውም በየሰኮንዱ 9.80665 ሜትር በሰኮንድ ይጨምራል ማለት ነው። ይህ በአንድ ቀን 847.3 ኪሎ ሜትር በሰኮንድ ይሆናል። ለማነጻጸር ያህል፣ እ.ኤ.አ. በ1977 የተነሣችው ቮየጀር 1 ዛሬ የምትጓዘው በሰኮንድ 17 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ፓርከር የተባለችው የፀሐይ መርማሪ መንኮራኩር በታኅሣሥ 2017 ዓ.ም. በፀሐይ ስበት ተስባ በሰኮንድ 192 ኪሎ ሜትር ደርሳለች። የእኛ የወረቀት ሮኬት ሁለቱንም የመጀመሪያው ቀን ሳይመሽ ትቷቸው ሄደ።

ቀመሩ ከላይ ካለው ሳጥን ላይ 847.3 መደመር ብቻ ስለ ነበር ልጁ ራሱ ጻፈው። በ353ኛው ረድፍ ከብርሃን በታች ነበር፤ በ354ኛው 299,942 ኪሎ ሜትር በሰኮንድ ብሎ በ150 ኪሎ ሜትር ገደማ በለጠ። ሳጥኑን በቀይ ቀለም ቀባው። እንዲያጠፋው አልነገርሁትም፤ ስሕተቱ የመቀባቱ ሳይሆን የመደመሩ መሆኑን በኋላ ራሱ እንዲደርስበት ፈለግሁ።

ኅዳር 6 ቀን

ቀዩን ሳጥን ለመዋጋት የክበቡ አባላት ያነሡት የመጀመሪያው መከራከሪያ ነዳጅ ነው፤ ስለዚህ አዲስ ዓምድ ጨመርን። ዓምዱ የሚጠይቀው፣ 1 ኪሎ ግራም ጭነት እዚህ ፍጥነት ላይ ለማድረስ ሲነሣ ስንት ኪሎ ግራም መሆን ነበረበት የሚለውን ነው። የሚተፋውን ጋዝ ፍጥነት 4.5 ኪሎ ሜትር በሰኮንድ አደረግነው፤ ሃይድሮጂንና ኦክሲጅን የሚያቃጥሉ ምርጥ ሞተሮች የሚደርሱበት ነው።

በመጀመሪያው ረድፍ ላይ የወጣው ቁጥር ከኋላው 81 ዜሮዎችን የሚያስከትል ነው። በሚታየው ዩኒቨርስ ውስጥ ያሉት አቶሞች በግምት ከ1 ቀጥሎ 80 ዜሮዎች ያሉት ቁጥር ናቸው ይባላል፤ እኛ ደግሞ የጠየቅነው ኪሎ ግራሙን ነው፣ ያውም ለአንድ ቀን ጉዞ። በአራተኛው ረድፍ ኤክሴል ጭራሹን ቁጥር መጻፍ ትቶ የስሕተት ምልክት አወጣ፤ ፕሮግራሙ ከ308 ገደማ በላይ ዜሮዎች ያሉትን ቁጥር አይዝምና። አንዲት ተማሪ ኮምፒውተሩ የተበላሸ መስሏት ዘግታ ከፈተችው።

የሚተፋውን ፍጥነት ወደ 30 ኪሎ ሜትር አሳደግነው፤ እ.ኤ.አ. በ2007 የተነሣችው ዶውን የተባለች መንኮራኩር የተጠቀመችበት የአዮን ሞተር (በኤሌክትሪክ የተሞሉ አቶሞችን የሚተፋ) የሚሰጠው ያህል ነው። አሁንም ለአንድ ቀን ብቻ 1.8 ትሪሊዮን ኪሎ ግራም ይፈልጋል፤ የአዮን ሞተር ግፊቱ የወረቀት ክብደት ያህል ስለ ሆነ እንዲህ አድርጎ እንደማይገፋም ሳይዘነጋ።

እዚህ ላይ ሁሉም «ተዘጋ» ብለው ነበር፤ እኔ ግን አንድ ቁጥር እንዲለውጡ ጠየቅሁ። ሞተሩ የሚተፋው ጋዝ ሳይሆን ራሱን ብርሃንን ቢሆን፣ ነዳጁም ቅሪት ሳይተው ሙሉ በሙሉ ወደ ብርሃን ቢለወጥ (ቁስና ፀረ ቁስ ሲገናኙ የሚሆነውን የመሰለ)፣ በ354ኛው ቀን የሚያስፈልገው የመነሻ ክብደት 2.7 ኪሎ ግራም ብቻ ነው። እንዲህ ያለ ሞተር ሠርቶ ያየ ሰው የለም፤ ይሁን እንጂ ቁጥሩ የሚያስረዳው ነገር አለ። ነዳጅ የዛሬን መሐንዲስ ያሸንፋል፤ የልጁን ጥያቄ ግን አያሸንፍም። ቀዩ ሳጥን ቀይ እንደ ሆነ ቆየ።

ኅዳር 13 ቀን

ዛሬ የሌላ ሰው መለኪያ ተዋስን። ዊልያም በርቶዚ በማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም ኤሌክትሮኖችን እየገፋ ፍጥነታቸውን በ8.4 ሜትር መንገድ ላይ የፈጀባቸውን ጊዜ በመቁጠር ለክቶ ውጤቱን እ.ኤ.አ. በ1964 አሳትሟል። እኛም ቁጥሮቹን በግራፍ ወረቀት ላይ አስቀመጥናቸው። በ0.5 ሚሊዮን ኤሌክትሮን ቮልት (የጉልበት መለኪያ ነው) የተገፋው በሰኮንድ 260,000 ኪሎ ሜትር፣ በ1 ሚሊዮን የተገፋው 273,000፣ በ1.5 ሚሊዮን 288,000፣ በ4.5 ሚሊዮን 296,000፣ በ15 ሚሊዮን ደግሞ 300,000፤ የመጨረሻው በመለኪያው ስሕተት ልክ ከብርሃን የማይለይ ነው። ልጆቹ ያንኑ ጉልበት በኒውተን ቀመር ሲያሰሉት የመጀመሪያው የብርሃንን 1.4 እጥፍ፣ የመጨረሻው 7.7 እጥፍ ሊሮጥ ይገባው ነበር።

ከሁሉ የሚበልጠው የበርቶዚ ጥንቃቄ ግን ሌላ ነው። «ምናልባት ጉልበቱ ለኤሌክትሮኑ አልደረሰው ይሆናል» የሚል ተጠራጣሪ ሊኖር ስለሚችል ኤሌክትሮኖቹን በመጨረሻ ከአሉሚኒየም ዲስክ ጋር አጋጭቶ የዲስኩን ሙቀት ለካ። ሙቀቱ የተሰጠው ጉልበት በሙሉ መድረሱን አረጋገጠ። ስለዚህ ግፊቱ አልደከመም፤ ጉልበቱም አልጠፋም፤ ፍጥነቱ ብቻ በዚያው ልክ አላደገም።

በዚህ ላይ አንዱ ተማሪ፣ በኑክሌር ማብላያ ገንዳ ውስጥ የሚታየው ሰማያዊ ፍካት ከብርሃን የቀደሙ ኤሌክትሮኖች የሚፈጥሩት ነው ሲባል መስማቱን አነሣ። ትክክል ነው፤ ነገር ግን ብርሃን በውኃ ውስጥ ወደ 225,000 ኪሎ ሜትር በሰኮንድ ስለሚዘገይ ኤሌክትሮኖቹ የቀደሙት ያንን የዘገየውን ነው። ወሰኑ የባዶ ሕዋው ቁጥር እንጂ ብርሃን በየቦታው የሚያሳየው ፍጥነት አይደለም።

ከዚህ በኋላ ወደ ሠንጠረዡ ተመለስን። የተሳሳተው ቀመር «ከላይ ያለውን ሳጥን ውሰድና 847.3 ደምር» የሚለው ነው። ሮኬቱ ውስጥ ያለው ሰው በየቀኑ 847.3 ያገኛል፤ ይህ እውነት ነው። ያንን ያገኘው ግን በራሱ ሜትርና በራሱ ሰዓት ነው፤ ምድር ላይ ያለው ሰው በራሱ ሜትርና ሰዓት የለካውን ፍጥነት ከዚያ ጋር ያለ ምንዛሪ መደመር ብርና ዶላርን በአንድ ዓምድ እንደ መደመር ነው። ምንዛሪው ደግሞ ረጅም አይደለም፦ ሁለቱን ፍጥነቶች እንደ ብርሃን ክፍልፋይ ጽፎ መደመር፣ ድምሩንም ለአንድና ለብዜታቸው ድምር ማካፈል። ግማሽና ግማሽ ሲደመሩ አንድ ሳይሆን 0.8 ይሆናሉ፤ 0.9 እና 0.9 ሲደመሩ 0.9945። አንድ ላይ ምንም ቢደመርበት አንድ ነው።

ልጁ ቀመሩን አስተካክሎ እስከ 354ኛው ረድፍ ጎተተው። ቁጥሩ 228,400 ኪሎ ሜትር በሰኮንድ ገደማ ሆነ፤ ይህም የብርሃን 76 በመቶ ነው። ቀዩን ቀለም ራሱ አጠፋው።

የጉልበት ዓምድም ጨመርን፤ መለኪያችን የሕዳሴ ግድብ ነው፤ 5,150 ሜጋ ዋቱን ሌሊትና ቀን ያለማቋረጥ ቢያመነጭና ምንም ሳይባክን ለ1 ኪሎ ግራም ቢውል። እስከ ብርሃን 90 በመቶ ለማድረስ 261 ቀን ይፈጃል። እስከ 99 በመቶ 3.4 ዓመት፣ እስከ 99.9 በመቶ 11.8 ዓመት፣ እስከ 99.99 በመቶ 38.6 ዓመት። የመቶኛው ጭማሪ እየቀጠነ የዓመቱ ጭማሪ እየወፈረ ይሄዳል፤ ለ100 በመቶ የሚበቃ ዓመት ግን በዓምዱ ውስጥ የለም።

ኅዳር 20 ቀን

ሠንጠረዡን እስከ 20 ዓመት፣ ማለትም እስከ 7,305ኛው ረድፍ አስረዘምነው። የፍጥነቱ ዓምድ ፍጥነቱን እንደ ብርሃን ክፍልፋይ የሚያሳየው ከነጥብ በኋላ እስከ አሥራ ሁለት አኃዝ ነው። በአንድ ዓመት 0.7748፣ በሁለት ዓመት 0.968፣ በአምስት ዓመት 0.99993 እያለ ሲሄድ ቆይቶ 14 ዓመት ካለፈ በኋላ 1.000000000000 ብሎ ጻፈ። የክበቡ ክፍል በጩኸት ተናወጠ፤ «ደረሰ!»

አልደረሰም፤ አኃዙ አልቆበት ነው። እ.ኤ.አ. በ2011 አንድ የአውሮፓ የምርምር ቡድንም ከዚህ የከበደ ገጠመኝ ነበረው፤ ኦፔራ የተባለው ሙከራ ከስዊዘርላንድ ድንበር ወደ ጣሊያን ግራን ሳሶ ተራራ 730 ኪሎ ሜትር የተጓዙ ኒውትሪኖ የተባሉ ጥቃቅን ቅንጣቶች ከብርሃን በ60 ቢሊዮንኛ ሰኮንድ ገደማ ቀድመው እንደ ደረሱ አሳወቀ። በቀጣዩ ዓመት ዋናው ምክንያት በደንብ ያልተገጠመ የፋይበር ገመድ ማያያዣ መሆኑ ተገኘ። ቡድኑ ውጤቱን ሲያሳውቅ ሌሎች ስሕተቱን እንዲፈልጉለት ጠይቆ ስለ ነበር እኔ በበኩሌ ያንን ሥራ ከሚያፍሩበት ይልቅ ከሚያስተምሩበት ወገን አስቀምጠዋለሁ።

የእኛን ስሕተት ያስወገድነው ፍጥነቱን መመዝገብ ትተን ጉድለቱን በመመዝገብ ነው፦ ሮኬቱ ከብርሃን የሚያንስበትን ክፍልፋይ። ለእርሱም የራሱ የማባዣ ቀመር ስላለው ጉድለቱን ከአንድ ላይ በመቀነስ ማግኘት አያስፈልግም፤ አኃዙም አያልቅበትም። በ20ኛው ዓመት መጨረሻ ጉድለቱ ከነጥብ በኋላ 17 ዜሮዎች ተደርድረው ከዚያ 23 የሚከተልበት ቁጥር ነው። ከምድር ሆኖ ለሚያይ፣ ከሮኬቱ ጎን የተለቀቀ ብርሃን በአንድ ሰኮንድ ውስጥ የሚቀድመው በ0.7 ናኖ ሜትር ብቻ ነው፤ ጥቂት አቶሞች ጎን ለጎን ቢሰለፉ ያህል።

ከዚያም ልጁ ዛሬ ያሰለቸኝን ያህል ያስደሰተኝን ጥያቄ አነሣ፦ «ሮኬቱ ውስጥ ያለው ሰውስ ስንት ይለካል?» የምንዛሪውን ቀመር ወደ ኋላ መልሰን ሠራነው። ሃያ ዓመት ሙሉ ሞተሩን ሳያጠፋ የገፋው ሰው፣ ከመስኮቱ ባትሪውን ወደ ፊት ቢያበራ ብርሃኑ ከእርሱ የሚርቀው በሰኮንድ 299,792,458 ሜትር ነው፤ በመጀመሪያው ቀን እንደ ነበረው፤ አንድ ሜትር እንኳ አልተጠጋውም። በሠንጠረዡ ላይ ወደ አንድ እየተጠጋ ያየነው ቁጥር የእኛ፣ የምድር ሰዎች፣ ቁጥር ነው። ሩጫውን ለሚሮጠው ሰው ግን ውድድሩ ገና አልተጀመረም። ልጆቹ ለጥቂት ጊዜ ዝም አሉ፤ እኔም ዝም አልሁ፤ ይህን ነገር ለዓመታት ባስተምረውም በረድፍ በረድፍ ተሰልቶ ሳየው የመጀመሪያዬ ነው።

ኅዳር 27 ቀን

አጭር ሥራ። የምድርን ሰዓት የሚያሳይ ዓምድ ጨመርን። በሮኬቱ 5 ዓመት ሲሆን በምድር 84.5 ዓመት፤ በሮኬቱ 10 ሲሆን በምድር 14,700 ዓመት ገደማ። ይህ የወረቀት ተረት ብቻ እንዳይመስል ሙዎን የተባሉትን ቅንጣቶች አነሣን፤ ከከባቢ አየር አናት ተፈጥረው በ2.2 ሚሊዮንኛ ሰኮንድ ገደማ የሚከስሙ ናቸው። ፍሪሽና ስሚዝ የተባሉ ሁለት ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1963 ባሳተሙት ሥራ በአሜሪካ በዋሽንግተን ተራራ ላይ በሰዓት ከ560 በላይ ቆጥረው፣ በባሕር ወለል ደረጃ ከ400 በላይ አገኙ፤ የቅንጣቶቹ ሰዓት እንደ እኛው ቢሆን ኖሮ የሚተርፉት 27 ያህል ብቻ ነበሩ።

የዶፍ ዝናብ የመሰለ የ«ግን ደግሞ» ጥያቄም ነበር። የሩቅ ጋላክሲዎች ከብርሃን ፈጥነው ይርቁናል የሚባለው እውነት ነው፤ የሚሰፋው ግን በመካከል ያለው ሕዋ ነው እንጂ እነርሱ ማንንም ብርሃን ሮጠው አልቀደሙም። ሜክሲኳዊው ሚጌል አልኩቢየሬ እ.ኤ.አ. በ1994 ሕዋውን ራሱን ከፊት አጣጥፎ ከኋላ የሚዘረጋ የሒሳብ መፍትሔ አሳይቷል፤ እርሱም አሉታዊ ጉልበት ያለው ነገር በብዛት ይፈልጋል፤ እንዲህ ያለ ቁስ በእጁ የያዘ ሰው የለም። ይህንን ዓምድ ባዶውን ተውነው።

ታኅሣሥ 4 ቀን

የመጨረሻው ጉዞ ወደ ፕሮክሲማ ሴንታውሪ ነው፤ ከፀሐይ ቀጥሎ ቅርቡ ኮከብ፣ 4.24 የብርሃን ዓመት የሚርቅ። እኩሌታውን መንገድ እየገፋ፣ እኩሌታውን አዙሮ እየተገታ እንዲሄድ አደረግን፤ አለበለዚያ ኮከቡን አልፎት ይሄዳል። በመንገዱ እኩሌታ ላይ የብርሃንን 95 በመቶ ይደርሳል። በምድር ሰዓት 5.87 ዓመት ይፈጃል፤ በሮኬቱ ሰዓት ግን 3.54 ዓመት። በብርሃን በሚገፋው ፍጹም ሞተር እንኳ ለ1 ኪሎ ግራም 38.6 ኪሎ ግራም ይዞ መነሣት አለበት።

ልጁ ወዲያው ማሽኑን አነሣና 4.24ን ለ3.54 አካፈለ። «1.2 እኮ ነው፤ ቲቸር! ቀደመ!»

ከስምንት ሳምንት በኋላም ተስፋ አለመቁረጡን ወደድሁለት፤ በዚያ ላይ ስሌቱ አልተሳሳተም። ነገር ግን ላዩ ላይ ያለው ቁጥር በምድር ሜትር የተለካ ርቀት ነው፤ ታቹ ያለው በሮኬቱ ሰዓት የተቆጠረ ጊዜ ነው። በሮኬቱ ውስጥ ያለው ሰው በመንገዱ እኩሌታ ላይ ሳለ የምድርና የኮከቡን ርቀት በራሱ ሜትር ቢለካው 4.24 አያገኝም፤ 1.33 የብርሃን ዓመት ያገኛል። ምድርና ኮከቡም በአጠገቡ የሚያልፉት ከብርሃን በታች በሆነ ፍጥነት ነው። ተጓዡ በሦስት ዓመት ተኩል መድረሱ እውነት ነው፤ ሲነሣ የለቀቀው የብርሃን ምልክት ግን በምድር አቆጣጠር ኮከቡ ጋ ከእርሱ 1.63 ዓመት ቀድሞ ደርሷል።

ልጁ ዓምዱን መሰረዝ አልፈለገም። «ይህ ቁጥር ለመንገደኛው ይጠቅመዋል» አለ፤ አልተከራከርሁትም፤ ስንቅ የሚያዘጋጅ ሰው የሚፈልገው በእርግጥ ይህንን ነው። ርእሱን ብቻ አስተካከልን፦ «የምድር ርቀት ለሮኬቱ ጊዜ ሲካፈል፤ ፍጥነት አይደለም።» ከዚያ ሠንጠረዡን አስቀምጠን፣ ቡሹ እንደ ገና ስለሚያፈስ አዲስ ቡሽ ለመሞረድ ወደ ጓሮ ወጣን።